በተሰረቀ መሣሪያ የሚሠራ ማሸጊያ

ዛሬ በግቢያችን ውስጥ ከተማሪ ወደ ተማሪ በብዛት የሚተላለፈው ነገር ምንድን ነው ተብሎ ቢጠየቅ፣ መጽሐፍ ነው ብሎ ለመመለስ የሚደፍር ያለ አይመስለኝም። የሚተላለፈው ፍላሽ ነው። በፍላሹም ውስጥ ፎቶሾፕ አለ፤ ኢለስትሬተር አለ፤ ኮረልድሮው አለ። ሁሉም ዋጋ ያልተከፈለባቸው፣ ቁልፋቸው የተሰበረ፣ በሁላችንም አፍ «ክራክ» የሚባሉ ናቸው። ሰጪው የወንድምነት ውለታ እንደ ዋለ ይቈጥረዋል፤ ተቀባዩም አመስግኖ ይሄዳል። ነገሩ ከመለመዱ የተነሣ «ይህ ተገቢ ነውን?» ብሎ የሚጠይቅ ቢገኝ እንደ ሞኝ ይታያል። እኔ ሞኝ መባሉን ታግሼ ልጠይቅ ተነሥቻለሁ።

ጥያቄዬን ግን በአንድ ጠባብ ሜዳ ላይ ልወስነው እፈልጋለሁ። ይኸውም የማሸጊያ ሥራ ነው። ከመካከላችን ብዙዎች ከትምህርት ሰዓት ውጭ ለኪሳቸው የሚሆን ገንዘብ የሚያገኙት የበርበሬና የሽሮ ከረጢት፣ የቡና ማሸጊያ፣ የማር ብልቃጥ መለያ፣ የሳሙና ካርቶን በመንደፍ ነው። ለዚህ ሥራ አንዳንዱ የሥዕል ችሎታውን፣ አንዳንዱም እንደኔ የቋንቋ ትምህርቱን ይዞ ይገባል። ሥራው የተከበረ ነው፤ የሚያሳፍር ነገር የለበትም። ነገር ግን አንድ ማስታወቂያ በስልክ ላይ ለጥፎ በማግስቱ ማንሣት ይቻላል፤ አሥር ሺህ ከረጢት ታትሞ በርበሬ ከተሞላበት በኋላ ግን የሚነሣ ነገር የለም። ስሕተቱ ከዕቃው ጋር ወደ ገበያ ይወጣል፤ ኪሣራውም የሚወድቀው ሥራውን አምኖ በሰጠን ነጋዴ ላይ ነው። ስለዚህ ክራክ ጉዳቱ በግልጥ የሚታየው በዚህ ሥራ ላይ ነው ብዬ አምናለሁ።

ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ እንዲሉ፣ በመጀመሪያ የሥራውን ጠባይ ላስረዳ። አንድ ንድፍ በኮምፒውተር መስኮት ላይ አምሮ ስለ ታየ ብቻ ለማተሚያ ቤት ዝግጁ ነው ማለት አይደለም። በንድፉና በማተሚያው መኪና መካከል ቅድመ ኅትመት የሚባል ደረጃ አለ። መስኮቱ ቀለምን የሚያሳየው በቀይ፣ በአረንጓዴና በሰማያዊ ብርሃን ነው፤ መኪናው ግን የሚያትመው በሲያን፣ በማጀንታ፣ በቢጫና በጥቁር ቀለም ነው። እያንዳንዱም ቀለም የራሱ ፕሌት ይወጣለታል። ነጋዴው የኔ መለያ ይህ ቀይ ነው ብሎ ከያዘ ደግሞ አምስተኛ፣ ለብቻው የተበጠበጠ ቀለም ይጨመራል። ካርቶኑ የሚቈረጥበትና የሚታጠፍበት መስመር ከሥዕሉ ተለይቶ መቀመጥ አለበት። ቢላዋው ጥቂት ቢያዘነብል ነጭ ጠርዝ እንዳይታይ ቀለሙ ከቍርጡ ውጭ እንደ ተለመደው 3 ሚሊሜትር ያህል መትረፍ አለበት። ከረጢቱ የሚታተመው በፍሌክሶ ከሆነ ደግሞ ፕሌቱ በሲሊንደር ላይ ሲጠቀለል ስለሚለጠጥ፣ ሥዕሉ አስቀድሞ በዚያው ልክ ማጠር ይኖርበታል።

በዚህ ላይ የፊደላችን ጉዳይ ይጨመራል። «በ»ን ከ«ቢ» የሚለያት አንዲት ትንሽ ቅጥያ ናት። የመጠቀሚያው ጊዜና የይዘቱ ዝርዝር በደቃቅ ፊደል ሲጻፍ፣ ጥቁሩ ከአራቱም ቀለሞች ተደባልቆ የተሠራ እንደ ሆነና ወረቀቱ በፀጕር ስፋት ያህል ፈቀቅ ያለ እንደ ሆነ፣ ያች ቅጥያ ትደበዝዛለች። ንጹሑ መንገድ ጽሑፉን በጥቁር ቀለም ብቻ ማውጣት ነው። ነጭ ፊደል በሌላ ቀለም ላይ እንዲደረብ ተብሎ በስሕተት ከታዘዘ ደግሞ በመስኮቱ ላይ እያለ ከፕሌቱ ላይ ፈጽሞ ይጠፋል። ባርኮዱም እንዲሁ ነው። አሥራ ሦስት አኃዝ ያለው ባርኮድ መደበኛ ስፋቱ ከግራና ቀኙ ባዶ ቦታ ጋር 37.29 ሚሊሜትር ሲሆን፣ ከዚህ ከመቶ 80 እጅ በታች ሊያንስ አይፈቀድም። መሥመሮቹን ለውበት ብሎ በቀይ የሠራ ሰው ደግሞ የሱቁ ማንበቢያ ቀይ ብርሃን ስለሚጠቀም ምንም ሳያነብለት ይቀራል።

እንግዲህ እንዲህ ባለ ጥንቃቄ በሚሻ ሥራ ላይ የምንሰለፈው ምን ይዘን ነው? ማን እንደ ሰበረው፣ ምን እንደ ቀነሰበት፣ ምን እንደ ጨመረበት የማናውቀውን መሣሪያ ይዘን ነው። እርግጥ ነው፣ ከዚህ በላይ የዘረዘርኋቸውን ስሕተቶች ዋጋ በተከፈለበት ሶፍትዌርም መሥራት ይቻላል። ልዩነቱ ሕጋዊው ዕቃ ጕድለቱ ሲታወቅ ይታረማል፤ ክራኩ ግን በተሰበረበት ቀን እንደ ቆመ ይቀራል። ማሻሻያ ቢቀበል ቁልፉ ተመልሶ ይዘጋልና ባለቤቱ ማሻሻያውን ራሱ ይዘጋዋል። እንዲቀልል ተብሎ የተቀነሰው ዐይነት ደግሞ ብዙ ጊዜ የቀለም መግለጫ ፋይሎቹና ፊደሎቹ ተነቅለውበት ይገኛል። ከዚያም ማተሚያ ቤቱ የሌላ ዓመት ዕትም ስላለው «ወደ ታች አውርደህ አምጣ» ይላል፤ ሲወርድ ጥላው ይለወጣል፣ ጽሑፉ ይንሸራተታል። ተማሪው ይህን ሳያይ ፈርሞ ይሄዳል።

ከሥራው ጥራት የሚብሰው ግን በሽታው ነው። ክራክ ሲጫን የመጀመሪያው ትእዛዝ «የቫይረስ መከላከያህን አጥፋ» የሚል መሆኑን ሁላችንም እናውቃለን። ሌባ ለመግባት በሩን ክፈትልኝ ሲለን ተነሥተን እንደ መክፈት ያለ ነው። ከ2018 እ.ኤ.አ. ወዲህ «ስቶፕ» የተባለው፣ ፋይልን ቈልፎ ገንዘብ የሚጠይቅ ቫይረስ ከተሰራጨባቸው ዋና መንገዶች አንዱ ይኸው ክራክና ቁልፍ አውጪ ፕሮግራም ነበር። ብዙዎቹ ተጠቂዎችም ተራ ሰዎች ነበሩ፤ የተቈለፈባቸውም የቤተሰብ ፎቶግራፍና የትምህርት ሥራ ነበር።

ለእኛ ለተማሪዎች ትምህርት የሚሆን አንድ ነገር ልጥቀስ። ሶፎስ የተባለው የኮምፒውተር ጥበቃ ኩባንያ በ2021 እ.ኤ.አ. ይፋ እንዳደረገው፣ በአውሮፓ ከሚገኝ አንድ የሥነ ሕይወት ምርምር ተቋም ጋር ይሠራ የነበረ ተማሪ፣ ተቋሙ የሚጠቀምበት አንድ ሶፍትዌር ለግሉ ቢፈልግ ዋጋው ከበደው። ክራኩን ፈልጎ አገኘ፤ መከላከያውን አጥፍቶ ጫነው። በውስጡ የተደበቀው ቫይረስ የሚጽፈውን እየመዘገበ የተቋሙን መግቢያ ቃል ሰረቀ። ከ13 ቀን በኋላ ሌቦች በተማሪው ስም ወደ ተቋሙ ገቡ፤ ከዚያም በ10ኛው ቀን የተቋሙን ኮምፒውተሮች ቈለፉ። የአንድ ሳምንት የምርምር ውጤት ጠፋ፤ ሥርዐቱም ከመሠረቱ እንደ ገና መሠራት አስፈለገው። ተማሪው ክፉ ሰው አልነበረም። ያደረገው እኛ በየሳምንቱ የምናደርገውን ነው።

አሁን ይህንኑ ወደ ራሳችን ሥራ እናምጣው። የማሸጊያ ሥራ የተቀበለ ተማሪ በኮምፒውተሩ ውስጥ የሚይዘው የራሱን ነገር ብቻ አይደለም። ገና ወደ ገበያ ያልወጣ ዕቃ ስም፣ የነጋዴው የንግድ ምልክት፣ አንዳንዴም ማኅተምና የንግድ ፈቃድ ቅጂ በእጁ አለ። ክፍያውን የሚቀበልበት የባንክና የቴሌግራም መግቢያም እዚያው ነው። ይህ ሁሉ በአንድ ሌሊት ለማይታወቅ ሰው ቢሰጥ፣ ነጋዴው ሁለተኛ ለተማሪ ሥራ አይሰጥም። ጥፋቱ የአንዱ፣ ስሙ የሁላችን ይሆናል።

ሕጉን በተመለከተም ቃል ማንሣት ተገቢ ነው፤ ምክንያቱም ብዙዎቻችን በአገራችን ይህን የሚከለክል ሕግ የለም ብለን እናስባለን። አለ። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410 የኮምፒውተር ፕሮግራምን እንደ መጽሐፍና እንደ ሙዚቃ የሚጠበቅ ሥራ አድርጎ ቈጥሮታል፤ መብቱን አውቆ የጣሰውንም እስከ ጽኑ እስራት በሚደርስ ቅጣት ያስፈራራል። ፖሊስ ነገ ወደ ማደሪያችን ይመጣል ለማለት አይደለም። ነገር ግን ዛሬ የግል ጨዋታ የመሰለን ነገር፣ ሥራችን ሲያድግና ድርጅት ስናቋቁም፣ ለውጭ ገበያ የሚልክ ደንበኛም ፈቃዳችሁን አሳዩ ሲለን፣ የማንመልሰው ጥያቄ ይሆናል። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል የተባለው ለዚህ ነው።

አሁን የሚቃወሙኝን ወንድሞችና እኅቶች ልስማ። ሦስት ነገር ይሉኛል።

የመጀመሪያው «ድሆች ነን፤ ከየት አምጥተን እንክፈል?» የሚለው ነው። ይህ የማይናቅ ክርክር ነው። አዶቤ ከ2013 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አዲሱን ዕቃውን በአንድ ጊዜ ዋጋ መሸጡን ትቶ በየወሩ ኪራይ አድርጎታል፤ ኪራዩም በዶላር ነው። ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. ወዲህ የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ የዶላር ዋጋ የት እንደ ደረሰ ለማንም አይነገርም። ደግሞም ገንዘቡ ቢኖር እንኳ ከዚህ ሆኖ ወደ ውጭ መክፈል ቀላል አይደለም። ይህን ሁሉ እቀበላለሁ። ነገር ግን ክርክሩ የሚያስረዳው ውዱን ዕቃ መግዛት እንደማንችል ነው፤ መስረቅ እንዳለብን አያስረዳም። በመካከሉ ሌላ መንገድ ከሌለ ክርክሩ ይጸናል፤ መንገድ ካለ ግን ይፈርሳል። መንገድ መኖሩን ወደ ኋላ አሳያለሁ።

ሁለተኛው «ሀብታሙ የፈረንጅ ኩባንያ በእኛ ቅጂ ምን ይጐድልበታል?» የሚለው ነው። ምናልባት ብዙ አይጐድልበትም ይሆናል። እኔን የሚያሳስበኝ የእርሱ ኪሣራ አይደለም፤ የእኛ ነው። ከመካከላችን አንዱ ጥሩ የግዕዝ ፊደል ቀርጾ ወይም ለማተሚያ ቤቶች የሚረዳ ሶፍትዌር ሠርቶ ቢያወጣ ለማን ይሸጠዋል? የአገራችን ሙዚቀኞች ሥራቸው በካሴት እየተገለበጠ በየመንገዱ ሲሸጥ ያሰሙት ምሬት ገና አልተረሳም። ያን ጊዜ ሌባ ያልነው ሰው ያደረገውና እኛ ዛሬ በፍላሽ የምናደርገው ልዩነቱ ምኑ ላይ ነው? የሰውን ድካም በነፃ መውሰድ የለመደ ገበያ የራሱን ልጆች ድካም ለይቶ አያከብርም።

ሦስተኛው ክርክር ብልኀት ያለበት ነው። «መገልበጥ የአባቶቻችን ሥራ ነው፤ ብራና ጸሐፊው ሲገለብጥ ኖረ እንጂ ማንን ከፈለ?» ይላል። እውነት ነው፣ መጻሕፍታችን እስከ ዛሬ የደረሱት በመገልበጥ ነው። ግን ያ ቅጂ በፈቃድ፣ እንዲያውም በልመናና በትእዛዝ የተሠራ ነበር፤ ጸሐፊውም ለድካሙ ቀለብና ዋጋ ነበረው። በብዙዎቹ የብራና መጻሕፍት ላይ መጽሐፉን የሰረቀና የፋቀ ውጉዝ ይሁን የሚል ቃል መጻፉንም አንርሳ። ስለዚህ አባቶቻችን ማካፈልንና መስረቅን ለይተው ያውቁ ነበር። በዘመናችንም እንደዚያው ሠሪዎቹ ራሳቸው «ውሰዱት፣ ተማሩበት፣ አሻሽሉት፣ ለሌላውም ስጡት» ብለው በፈቃዳቸው ያወጧቸው ሶፍትዌሮች አሉ። የአባቶቻችንን ልማድ የሚመስለው ይኸኛው ነው።

እስቲ እነዚህን መሣሪያዎች ከማሸጊያ ሥራ አንጻር እንመልከታቸው። ማጋነን አልፈልግም፤ ጕድለታቸውንም እናገራለሁ።

ለንድፉና ለመቁረጫው መስመር ኢንክስኬፕ አለ። ከ2003 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በፈቃደኞች የሚሠራ፣ በትክክለኛ ሚሊሜትር የሚለካ፣ ለአርማና ለካርቶን ቅርጽ የሚበቃ መሣሪያ ነው። ጕድለቱ በተፈጥሮው የሚያስበው በመስኮት ቀለም መሆኑ ነው፤ ስለዚህ ሥራውን እዚያ ጨርሶ ወደ ማተሚያ ቤት መላክ አይገባም። ለፎቶግራፍ ጊምፕ አለ፤ ክሪታ ደግሞ በአራቱ የማተሚያ ቀለሞች በቀጥታ ለመሥራት ያስችላል። ሁሉም የሚሰበሰቡበት የመጨረሻው ቦታ ስክራይበስ ነው። ይህ መሣሪያ አራቱን ቀለሞችና ለብቻው የሚበጠበጠውን ቀለም ያውቃል፤ ከቍርጡ ውጭ የሚተርፈውን ያወጣል፤ ማተሚያ ቤቶች የሚቀበሉትን ለኅትመት ተብሎ በዓለም አቀፍ ደረጃ የተወሰነውን የፒዲኤፍ ዐይነት ይሠራል። ከሁሉም የምወድለት፣ ፋይሉ ከመውጣቱ በፊት ራሱ መርምሮ «ይህ ሥዕል ጥራቱ አነስተኛ ነው፤ ይህ ፊደል ጐድሏል፤ ይህ ጽሑፍ ከሣጥኑ ፈስሷል» ብሎ የሚያስጠነቅቅ መሆኑን ነው። ጎስትስክሪፕት የተባለው ሌላ ነፃ መሣሪያ ደግሞ ፒዲኤፉን በየቀለሙ ለያይቶ እያንዳንዱ ፕሌት ምን እንደሚመስል ያሳያል። የጠፋ ነጭ ፊደል ወይም በአራት ቀለም የተሠራ ደቃቅ ጽሑፍ ያለው እንደ ሆነ እዚያ ላይ ይጋለጣል። ይህን ማየት ምንም ሣንቲም አይጠይቅም።

ፊደልንም በሚመለከት መፍትሔው ቅርብ ነው። ቀድሞ የነበሩት የአማርኛ ፊደሎች በላቲን ፊደል ቦታ ላይ የተቀመጡ ስለ ነበሩ፣ ፊደሉ በሌለበት ኮምፒውተር ላይ ሲከፈቱ ጽሑፉ ትርጕም የሌለው የላቲን ዝባዝንኬ ይሆናል። የግዕዝ ፊደል ግን በ1999 እ.ኤ.አ. በዩኒኮድ ውስጥ የራሱን ቦታ አግኝቷል። ኖቶ ኢትዮፒክና አቢሲኒካ የተባሉት ፊደሎች በዚሁ ሥርዐት የተሠሩ፣ ለንግድ ሥራም ቢሆን በነፃ እንዲያገለግሉ የተፈቀዱ ናቸው። ከእነርሱ ጋር መሥራት ከስርቆትም ከዝባዝንኬም ያድናል።

እነዚህ ሁሉ ይከብዱኛል፣ አንድ የተስተካከለ መሣሪያ እፈልጋለሁ ለሚልም መልስ አለ። አፊኒቲ የተባለው ቀድሞ በዋጋ ይሸጥ የነበረ ሶፍትዌር፣ ካንቫ የተባለው ኩባንያ በ2024 እ.ኤ.አ. ከገዛው በኋላ፣ በ2025 እ.ኤ.አ. በነፃ እንዲወሰድ ተደርጓል። የማተሚያ ቀለምንም፣ ለኅትመት የተወሰነውንም ፒዲኤፍ ያውቃል። የሚጠይቀው በካንቫ መመዝገብን ነው። ነፃነቱ የኩባንያው ፈቃድ ስለ ሆነ ግን ነገ ሐሳቡን ቢለውጥ የምንለው ነገር አይኖርም፤ ኢንክስኬፕንና ስክራይበስን ግን ማንም መልሶ ሊወስድብን አይችልም። ይህን ልዩነት ይዞ መምረጥ የያንዳንዱ ነው።

እርግጥ ነው፣ ለማሸጊያ ብቻ ተብለው የተሠሩ እጅግ ውድ መሣሪያዎች የሚሠሩትን ሁሉ እነዚህ አይሠሩም። ቀለሞች በሚገናኙበት ድንበር ላይ ጥቂት እንዲደራረቡ ማድረግ፣ ለፍሌክሶ ሥዕሉን በልኩ ማሳጠር፣ አንዱን መለያ በትልቅ ወረቀት ላይ ደጋግሞ መደርደር የፕሌት ሠሪው ድርሻ ነው። እርሱ የመኪናውን ጠባይ ያውቃል፤ እኛ አናውቅም። የእኛ ድርሻ ንጹሕ ፋይል ማስረከብና አስቀድሞ ሄዶ «የምትቀበሉት ምን ዐይነት ፋይል ነው? መኪናችሁ ስንት ቀለም ያትማል?» ብሎ መጠየቅ ነው። ደንበኛው የግድ የኢለስትሬተር ፋይል ይሁንልኝ ካለም፣ ፈቃድ ያለውን መሣሪያ ለአንድ ወር ተከራይቶ ዋጋውን በሥራው ሒሳብ ላይ መጨመር ነው። ልብስ ሰፊ ክሩን ከሰው ሰርቆ አይሰፋም፤ የክሩን ዋጋ በስፌቱ ዋጋ ውስጥ ያስገባዋል። እኛ የመሣሪያችንን ዋጋ ዜሮ ብለን ስለምናስብ የሥራችንንም ዋጋ አርክሰነዋል። ከፍሎ የሚሠራው ባለሙያም ከእኛ ጋር ተወዳድሮ መኖር ያቃተው በዚሁ ምክንያት ነው።

ጽሑፌ ምክር ብቻ ሆኖ እንዳይቀር ለተማሪዎች ኅብረት ሦስት ሐሳብ አቀርባለሁ። አንደኛ፣ ኅብረቱ ከዩኒቨርስቲው የኮምፒውተር ክፍል ጋር ተነጋግሮ ከላይ የጠቀስኋቸው ነፃ መሣሪያዎችና የግዕዝ ፊደሎች በክፍሉ ኮምፒውተሮች ላይ እንዲጫኑ ያድርግ። ግዥ የሌለበት ስለ ሆነ በጀት የለም የሚል መልስ ሊሰጠን አይችልም። ሁለተኛ፣ በየቅዳሜው የሁለት ሰዓት ትምህርት ይዘጋጅ። የሚያውቁት ተማሪዎች ያስተምሩ፤ ቢቻልም አንድ የማተሚያ ቤት ባለሙያ ተጋብዞ አበላሽተን የምናመጣውን ፋይል ፊት ለፊታችን ከፍቶ ይንገረን። ከመጽሐፍ የማናገኘውን ከእርሱ እናገኛለን። ሦስተኛ፣ ኅብረቱ የሚያወጣቸውን ማስታወቂያዎችና ይህችንም መጽሔት ጭምር በእነዚሁ መሣሪያዎች ብቻ ያዘጋጅ። ራሱ በክራክ እየሠራ ሌላውን የሚመክር ኅብረት ሰሚ አያገኝም።

ይህ ሁሉ በአንድ ሴሚስተር ይፈጸማል የሚል የዋህነት የለኝም። የለመደ እጅ ከለመደው መሣሪያ ለመላቀቅ ጊዜ ይፈልጋል፤ አዲሱን ሲጀምርም በሁለት ሰዓት ያልቅ የነበረው ሥራ ስድስት ሰዓት ይፈጅበታል፤ ይሰለቻል፤ ወደ ፍላሹም ዐይኑን ይጥላል። ቢሆንም ከአራት ዓመት በኋላ ከዚህ ግቢ ወጥተን ሥራ ስንይዝ፣ አንዱ በራሱ ስም ያገኘውን ዕውቀትና መሣሪያ ይዞ ይወጣል፤ ሌላው ደግሞ በማንኛውም ቀን ሊዘጋበት የሚችል የሰው ዕቃ ይዞ ይወጣል። ሥራውን የሚሰጡንም ሀብታም ኩባንያዎች አይደሉም፤ ያላቸውን ጥቂት ገንዘብ በአንድ የከረጢት ኅትመት ላይ ያዋሉ፣ በመርካቶ ትንሽ ሱቅ ያላቸው እናቶችና አባቶች ናቸው። እነርሱ ስለ ፕሌትም ስለ ቫይረስም አያውቁም፤ የሚያውቁት «የዩኒቨርስቲ ልጅ ነው» የሚለውን ብቻ ነው። ይህን አመኔታ የሚመጥን ሥራ ለመሥራት የሚያስፈልገው መሣሪያ በነፃ ተቀምጦልናል፤ የቀረው መማሩ ነው። በመጪው ቅዳሜ ለመጀመር ፈቃደኛ የሆነ ሁሉ ስሙን ለኅብረቱ ጽሕፈት ቤት ይስጥ፤ የመጀመሪያው ተመዝጋቢ እኔ ነኝ።